ስለ እሱ የጻፍሽው አንድ መስመር ብቻ ነው

የዛሬው ደብዳቤ ከአዳማ ነው የመጣው። ጸሐፊዋ ስሟ እንዳይወጣ ለምናኛለች። ረዘም ያለ ስለሆነ አሳጥሬ ላቅርበው።

«እትዬ፣ 29 ዓመቴ ነው። ካገባሁ 3 ዓመት ሆነኝ፤ ልጅ ግን የለንም። ተማሪ ሳለሁ የምኖረው አክስቴ ቤት ነበር። የአክስቴ ባል ደፈረኝ። አረገዝኩ። 17 ዓመቴ ነበር። ጓደኛዬ ጤና ጣቢያ ወሰደችኝና ጽንሱ ተቋረጠ። እስከ ዛሬ ለማንም አልተናገርኩም። አሁን ልጅ እምቢ ሲለኝ በኃጢአቴ እየተቀጣሁ ይመስለኛል። ቡና ላይ ሴቶቹ ‹ያስወረደች ማህፀን አይቋጥርም› ይላሉ። የባሌ እህት ከአሜሪካ ቪዲዮ ትልክልኛለች፤ ያስወረደች ሴት ዕድሜ ልኳን ጤና አታገኝም ይላል። አማቴ ‹ጸበል ውሰዳት› እያሉ ባሌን ይወተውቱታል። ባለፈው ወር ደግሞ የጽዋ ማኅበራችን ላይ ውርጃን የሚፈቅደው ሕግ ይሻር የሚል ወረቀት ለፊርማ ሲዞር እኔ ጋ ደረሰ። ብተወው ይጠረጥሩኛል ብዬ ፈረምኩ። ቤቴ ገብቼ እስኪነጋ አለቀስኩ። መካን ያደረገኝ ማስወረዴ ነው? ለባሌስ ልንገረው? የፈረምኩትን ነገርስ ምን ላድርገው?»

እህቴ፣

ሙሉ ደብዳቤሽ ሦስት ገጽ ነው። ደጋግሜ አነበብኩት። ስለ ጤና ጣቢያው ገጽ ተኩል ጽፈሻል። የተቀመጥሽበትን አግዳሚ ወንበር፣ የነርሷን አረንጓዴ ሹራብ፣ ክኒኑን ስትሰጥሽ እጅሽን ይዛ እንደቆየች ሳይቀር። ስለ አክስትሽ ባል ግን የጻፍሽው አንድ መስመር ብቻ ነው። «ደፈረኝ» ብለሽ ነጥብ አድርገሽ አለፍሽ። «ኃጢአቴ» የሚለውን ቃል ቆጠርኩት፤ ዘጠኝ ጊዜ ጽፈሽዋል። አንድ ጊዜ እንኳ ለእሱ አልሰጠሽውም። ሁሉንም ለራስሽ ነው የወሰድሽው።

ወደዚህ እመለሳለሁ። መጀመሪያ እንቅልፍ የነሳሽን ጥያቄ ልመልስ።

በንጹሕ ቦታ፣ በሠለጠነ ባለሙያ፣ በጊዜው የተደረገ ጽንስ ማቋረጥ ሴትን መካን አያደርግም። የማህፀን ሐኪሞች በዚህ ላይ ክርክር የላቸውም። ልጅ እንዳይያዝ ከሚያደርጉት ነገሮች አንዱ ሳይታከም የቆየ ኢንፌክሽን ነው። ኢንፌክሽኑ ወደ ላይ ወጥቶ እንቁላል የሚያልፍባቸውን ቱቦዎች ያቆስላል። ቁስሉ ሲጠግግ ቱቦው ይደፈናል። ይህ የሚመጣው ባልጸዳ ዕቃ ከተሠራ ውርጃ ነው። ከአባላዘር በሽታም ይመጣል፤ ከወሊድ በኋላ ከሚከሰት ኢንፌክሽንም፣ አንዳንዴም የማህፀን አካባቢን ከሚያጠቃ የቲቢ በሽታ።

አንቺ የጻፍሽልኝን ልመልስልሽ። ስምንት ሳምንት ነበር ብለሻል። በክኒን ነው፤ ማህፀንሽ ውስጥ የገባ ዕቃ የለም። ትኩሳት አልነበረሽም፣ መጥፎ ሽታ ያለው ፈሳሽ አላየሽም። በቀጠሮሽ ተመልሰሽ ታይተሻል። የወር አበባሽ በሚቀጥለው ወር መጣ፤ ከዚያ ወዲህ ተዛብቶ አያውቅም። እኔ ከሩቅ ሆኜ የማህፀንሽን ነገር ልወስን አልችልም፤ ያ የሐኪም ሥራ ነው። ግን በዚህ ሁሉ ውስጥ «ይኸው ምክንያቱ» የሚያሰኝ አንድም ነገር አላየሁም።

ታዲያ ቡና ላይ የሚወራው ከየት መጣ? ውሸት ብዬ ብቻ ማለፍ አልፈልግም፤ ሥር አለው። እናቶቻችን የሚያውቁት ውርጃ በድብቅ ሴትዮ ቤት የሚደረገውን ነበር። ከዚያ የተረፈች ሴት ብዙ ጊዜ እውነትም አትወልድም ነበር። «አይቋጥርም» የሚሉት ባዩት ነው። ያዩት ግን ሌላ ነገር ነው፤ በአንቺ ላይ የተደረገው ያ አይደለም።

እኔም አይቻለሁ። በ1980ዎቹ መጀመሪያ፣ እኛ ሰፈር፣ ከእኔ ሁለት ዓመት የምትበልጥ ልጅ ነበረች። ጸጉሬን የምትሠራኝ እሷ ነበረች። አንድ ሰሞን ተኛች። እናቷ «ወባ ነው» አሉ። ሁላችንም ወባ ነው አልን። ሽንብራ ቆሎ ይዤ ልጠይቃት ገባሁ። ክፍሉ ውስጥ ዕጣን ተጨሷል፤ ከዕጣኑ ሥር ግን ሌላ ሽታ አለ። ፍራሹ ላይ የላስቲክ ጠረጴዛ ልብስ አንጥፈውላታል፤ አበባ ያለበት፣ ለበዓል የሚዘረጋው። «ሐኪም ቤት ለምን አትሄጂም?» አልኳት። «ያስሩኛል» አለችኝ። በሦስተኛው ቀን ሞተች። ለቅሶ ላይም ወባ ነው ተባለ። የሆነችውን የነገሩኝ ከዓመታት በኋላ ነው።

ልጅቷ እስር መፍራቷ ዝም ብሎ አልነበረም። የ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጽንስ እንዲቋረጥ የሚፈቅደው የሴቲቱ ሕይወት ወይም ጤና ከባድ አደጋ ላይ ሲወድቅ ብቻ ነበር። ለዚያውም ሁለተኛ ሐኪም መስማማት ነበረበት። ተደፍራ ላረገዘች ልጅ በሩ ዝግ ነው።

ያን በር የከፈተው አንቺ ይሻር ብለሽ የፈረምሽበት ሕግ ነው። አዲሱ የወንጀል ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 414/1996፣ ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ ነው ሥራ ላይ የዋለው። ረቂቁ ሲወጣ ብዙ ክርክር ነበር። የማህፀንና ጽንስ ሐኪሞች ማኅበርና የሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር «ሴቶች እየሞቱ ነው» ብለው ተሟገቱ። የሃይማኖት ሰዎች «ነፍስ ነው» ብለው ተቃወሙ። የወጣው ሕግ መሃል ላይ የቆመ ነው። ጽንስ ማስወረድ ዛሬም በመርህ ደረጃ ወንጀል ነው። አንቀጽ 551 ግን የተለዩ ሁኔታዎችን ያስቀምጣል። ሴቲቱ ተደፍራ ወይም ከቅርብ ዘመድ ካረገዘች። እርግዝናው የእናቲቱን ወይም የልጁን ሕይወት፣ ወይም የእናቲቱን ጤና ለአደጋ ካጋለጠ። ጽንሱ የማይድን ከባድ የአካል ጉድለት ካለበት። ወይም ሴቲቱ በአካል ወይም በአእምሮ ጉድለት፣ አልያም ለአካለ መጠን ባለመድረሷ፣ ልጅ ለማሳደግ በአካልም በአእምሮም ዝግጁ ካልሆነች።

አንቺ ላይ ሁለቱ ተደርበው ነበር። ተደፍረሻል። 17 ዓመትሽ ነበር።

ነርሷ «የፖሊስ ወረቀት አምጪ» አላለችሽም አይደል? የሚቀጥለው አንቀጽ፣ 552፣ የሴቲቱ ቃል ብቻ በቂ ነው ስለሚል ነው። ያስቀመጡት አውቀው ነው። የመድፈር ክስ ፍርድ እስኪያገኝ ልጅ ተወልዶ ክርስትና ይነሳል። ጤና ጣቢያ ውስጥ ነርስ ልትረዳሽ የቻለችው ደግሞ የጤና ጥበቃ ሚኒስቴር እ.ኤ.አ. በ2006 ባወጣው መመሪያ ነው። እሱ ባይኖር ወደ ትልቅ ከተማ፣ ወደ ስፔሻሊስት ትላኪ ነበር። የአውቶቡሱን ገንዘብ ከየት ታመጪ ነበር? ከአክስትሽ ባል?

ፊርማ ያሰባሰቡትን ሰዎች ክፉ ናቸው አልልም። አብዛኞቹ ሕይወት የፈጣሪ ነው ብለው ከልባቸው የሚያምኑ ናቸው። ከመካከላቸው የምወዳቸውና የማከብራቸው አሉ። እኔ ግን አልፈርምም። ለምን እንደማልፈርም ልንገርሽ።

እ.ኤ.አ. በ2008 በተሠራ ጥናት በአገራችን በዓመት 382,000 ገደማ ጽንስ ማቋረጥ ይደረግ ነበር። ከዚያ ውስጥ በጤና ተቋም የተደረገው 27 በመቶው ብቻ ነው። በ2014 ጥናቱ ሲደገም ቁጥሩ ወደ 620,000 ደርሷል፤ በጤና ተቋም የተደረገው ግን 53 በመቶ ሆኗል። ተቃዋሚዎች «ይኸው ቁጥሩ ጨመረ» ይላሉ። እውነት ነው፣ ጨምሯል። የሴቶችም ቁጥር ጨምሯል፤ ግን ከዚያም በላይ ነው የጨመረው። ይህን መደበቅ አያስፈልግም። እኔ የማየው ሌላውን ነው። 620,000 ማለት በቀን ወደ 1,700 ነው። በየሰፈሩ አለች ማለት ነው። በየጽዋ ማኅበሩም። ያ ወረቀት ሲዞር እዚያ ቤት ውስጥ አንቺ ብቻ ነበርሽ ብለሽ ነው? ምናልባት አጠገብሽ የተቀመጠችውም እንደ አንቺ እጇ እየተንቀጠቀጠ ይሆናል የፈረመችው።

ሕጉ ቢሻር እነዚህ ሴቶች የት ይሄዳሉ? እርግዝናው አይጠፋም። ደፋሪው አይጠፋም። የሚጠፋው አረንጓዴ ሹራብ የለበሰችው ነርስ ናት። ወደዚያ አበባ ያለበት ላስቲክ ነው የሚመለሱት።

በወሊድና በእርግዝና ምክንያት የሚሞቱ እናቶች እ.ኤ.አ. በ2000 በተደረገው አገር አቀፍ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት በሕይወት ከሚወለዱ 100,000 ሕፃናት 871 ነበሩ። በ2016ቱ ወደ 412 ወረዱ። ሁሉም በዚህ ሕግ ነው አልልም። የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞች አሉ፣ የቤተሰብ ምጣኔ አለ፣ አምቡላንስ አለ። ግን ዱሮ በእናቶች ሞት ግንባር ቀደም ከነበሩት ምክንያቶች አንዱ ንጽሕና የጎደለው ውርጃ ነበር። ከዚያ ዝርዝር ታች እንዲወርድ ካደረጉት ነገሮች አንዱ ይህ ሕግ ነው።

የባልሽ እህት የምትልክልሽን ቪዲዮ በተመለከተ፣ አጭር ነገር ልበል። አሜሪካኖች በዚህ ጉዳይ ላይ 50 ዓመት ሲሟገቱ ኖረዋል። እ.ኤ.አ. በ1973 በመላ አገሪቱ መብት ያደረገውን ውሳኔ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በሰኔ 2022 ሽሮታል፤ ዛሬ እንደየግዛቱ ይለያያል። ስለዚህ በሁለቱም ወገን ቪዲዮው አይቆምም። እዚያው አገር ግን ተመራማሪዎች 1,000 የሚጠጉ ሴቶችን አምስት ዓመት ተከታትለዋል። ከፊሎቹ ጽንስ ማቋረጥ ፈልገው ያገኙ፣ ከፊሎቹ ጊዜው አልፏል ተብለው የተመለሱ ናቸው። ያገኙት ከተከለከሉት የባሰ የአእምሮ ሕመም አልደረሰባቸውም። እንዲያውም መጀመሪያ ላይ የበለጠ የተጨነቁት የተከለከሉት ነበሩ። በኑሮም የተጎዱት እነሱ ናቸው። ካገኙት ውስጥ ከ100 ዘጠና አምስቱ «ለእኔ ትክክል ነበር» ነው ያሉት። የጡት ካንሰር ያመጣል የሚባለውም ተጠንቶ ውድቅ የሆነ ነገር ነው። የሚያዝኑ ሴቶች የሉም አልልም፤ አሉ። ማዘን ግን በሽታ አይደለም።

አንቺ ታመሻል፤ ይገባኛል። ሌሊት ትባንኛለሽ። በር ሲንኳኳ ልብሽ ይዘላል። ወንድ ከኋላሽ ሲቆም ሰውነትሽ ይደርቃል። እነዚህን ሁሉ «ካስወረድኩ በኋላ» ብለሽ ጽፈሻል። እስቲ መለስ ብለሽ አስቢ። ከጤና ጣቢያው በፊት አልነበሩም? በር ሲንኳኳ የምትፈሪው ነርሷን ነው? ይህ የተደፈረች ሴት ሕመም ነው እህቴ። መታከሚያ አለው። ሆስፒታል ያሉ የሥነ ልቦናና የሥነ አእምሮ ባለሙያዎች ያውቁታል። ስትሄጂ «አስወርጄ ነው» ብለሽ አትጀምሪ። «በ17 ዓመቴ ተደፍሬያለሁ» በይ።

አሁን ወደ ልጁ ጉዳይ። ባልና ሚስት ሳይከላከሉ ዓመት ሞልቷቸው እርግዝና ካልመጣ ምርመራ ይጀመራል። እናንተ ሦስት ዓመት ሆናችሁ፤ ዘግይታችኋል። በዚህ ሁሉ ጊዜ ባልሽ አንድ ቀን ተመርምሯል? ደብዳቤሽ ውስጥ ፈለግሁ፤ የለም። ልጅ ከሚጠፋባቸው ጥንዶች ግማሽ ያህሉ ላይ የወንዱም ድርሻ አለበት፤ ብቻውን ወይም ከሴቷ ጋር ተደምሮ። ለእሱ ያለው ምርመራ ደግሞ ከሁሉ የቀለለው ነው። ከ2 እስከ 7 ቀን ከግንኙነት ታቅቦ የዘር ፈሳሹን ለላቦራቶሪ መስጠት ብቻ ነው። ለአንቺ አልትራሳውንድ፣ የሆርሞንና የታይሮይድ ምርመራ፣ ካስፈለገም ቱቦዎቹ ክፍት መሆናቸውን የሚያሳይ ራጅ ይታዘዛል። ያ ራጅ ይህን ሁሉ ዓመት ያሠቃየሽን ጥያቄ በአንድ ጠዋት ሊመልስልሽ ይችላል። አዳማ ካሉት የማህፀን ሐኪሞች ጀምሩ። ከበድ ካለ አዲስ አበባ ጳውሎስ ሆስፒታል በ2011 ዓ.ም. የተከፈተ የመካንነት ሕክምና ማዕከል አለ፤ የመንግሥት ነው።

ጸበሉን ተይ አልልሽም። አማትሽንም አትጋፊያቸው። ጸበልም ሂጂ፣ ሐኪም ጋም ሂጂ። ብቻ የሐኪሙን ቀጠሮ በጸበሉ አትተኪው።

ለሐኪሙ ሁሉንም ንገሪ፤ መቼ እንደነበር፣ ስንት ሳምንት እንደነበር፣ በምን እንደተደረገ። ባልሽ አብሮሽ ከገባ «ለብቻዬ ላናግርዎት እፈልጋለሁ» በይ፤ የተለመደ ነው፣ አይገረሙም። የነገርሽውን ለባልሽ የማውጣት መብት የላቸውም።

ለባልሽ ስለ መንገር፣ ግዴታ የለብሽም። ይህን የምለው ውሸትን ስለማበረታታ አይደለም። ታሪኩ የአንቺ ስለሆነ ነው። «እጅግ ደግ ነው፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ አያውቅም» ብለሻል። ደስ ብሎኛል። ግን እንደዚህ ያለ ነገር ሲሰማ እንዴት እንደሚሆን ከእኔ ይልቅ አንቺ ታውቂያለሽ። ጥርጣሬ ካለሽ ቆይ በይው። ልንገረው ካልሽ ደግሞ ከመጨረሻው አትጀምሪ። «አስወርጄ ነበር» ብለሽ ከከፈትሽ የሚሰማው እሱን ብቻ ነው። ከአክስትሽ ቤት ጀምሪ። ስንት ዓመትሽ እንደነበር፣ ምን እንደተደረገብሽ፣ ማን እንዳደረገ። እዚያ ላይ አንድ ቀን፣ አንድ ሳምንት ብትቆሚም ችግር የለውም። የቀረው በራሱ ጊዜ ይመጣል። ለንስሐ አባትሽ መናገር ከፈለግሽም ያ በአንቺና በእምነትሽ መካከል ነው፤ እኔ አልገባበትም። ለእሳቸውም ግን ከአክስትሽ ቤት ጀምሪላቸው።

ፊርማውን በተመለከተ ራስሽን አታሠቃዪ። ፈርተሽ ፈረምሽ። በዚያ ክፍል ውስጥ እምቢ ማለት ራስን እንደ ማጋለጥ ነበር። ከፈለግሽ ወረቀቱን ለያዘችው ሴት «ሳላነበው ነው የፈረምኩት፣ ስሜን አውጪልኝ» ማለት ትችያለሽ። ምክንያት መዘርዘር የለብሽም። ይህም ከከበደሽ ተይው። ሌላ ጊዜ ሲመጣ «ወስጄ አነበዋለሁ» ብለሽ እዚያው አቆሚው። ቡና ላይ ያ ወሬ ሲነሳ ደግሞ ስለ ራስሽ ሳታወሪ አንዲት ነገር ብቻ በይ፤ «ሐኪሞች እንደዚያ አይሉም» በይ። ክፍሉ ውስጥ የምትሰማሽ አንዲት ሴት ትኖራለች።

አሁን ወደ ተውሽው መስመር።

እሱ ሰውዬ አለ? ከአክስትሽ ጋር አሁንም ይኖራል? እንዲህ የሚያደርግ ሰው በአንዲት ልጅ ላይ ብቻ አድርጎ አይተውም ይሆናል። ክስ መመሥረት ይቻል እንደሆነ ጠበቃ ማማከር ይገባሻል። የሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ለሴቶች ነፃ የሕግ ምክር ይሰጣል። ሄደሽ ጠይቂ ማለቴ እንጂ ክሰሺ ብዬ አላስገድድሽም። ያ ውሳኔ የአንቺ ነው፤ ለዛሬ ይህን አላክልብሽም።

ደብዳቤሽ መጨረሻ ላይ ግን አንድ ነገር ጽፈሻል፤ ሌላ ጉዳይ አስመስለሽ። አክስትሽ ዘንድሮ ከገጠር የወንድማቸውን ልጅ እንዳስመጡ፣ ስምንተኛ ክፍል እንደሆነች፣ «ደስ የምትል ልጅ» እንደሆነች። ለምን ጻፍሽልኝ? አንቺም እየፈራሽላት ይመስለኛል። በዚህ ሳምንት ሂጂና እያት። ለብቻዋ። የት እንደምትተኛ፣ የክፍሏ በር ከውስጥ ይቆለፍ እንደሆነ ጠይቂያት። ያየሽውን ጻፊልኝ፤ ያን ደብዳቤ እዚህ አላወጣውም።